ፊቷ ሳይፈታ

ትናንት ማታ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ተነስቼ የአሜሪካዊቷን ኮሜዲያን የቲግ ኖታሮን የመድረክ ቀልድ ቅጂ ከፈትኩ። ስንት ጊዜ እንደሰማሁት አላውቅም። እማዬ ካረፈች ወዲህ ግን የመጀመሪያዬ ነው።

እ.ኤ.አ. ኦገስት 3 ቀን 2012 ነው። ቦታው ሎስ አንጀለስ፣ ላርጎ የሚባል ክለብ። ቲግ የጡት ካንሰር እንዳለባት ከሰማች ገና ቀናት ናቸው። በዚያው ዓመት በከባድ የአንጀት ኢንፌክሽን ሆስፒታል ተኝታ ወጣች። ብዙም ሳይቆይ እናቷ ወድቀው ሞቱ። ከፍቅረኛዋም ተለያየች። ይህን ሁሉ ተሸክማ መድረክ ላይ ወጣች፣ ሰላም አለችና ካንሰር አለብኝ አለች። ልክ ስለ ዝናቡ እንደምታወራ።

ሰዉ ቀልድ መስሎት ሳቀ። ከዚያ ሳቁ እየሳሳ ሄደ። አንዱ ሲያቃስት ይሰማል። አይዞህ የምትለው እሷ ናት፤ ታማሚዋ!

ከሁሉ የሚይዘኝ የመጠይቁ ነገር ነው። እናቷ ከሞቱ በኋላ ሆስፒታሉ «ቆይታዎ እንዴት ነበር?» የሚል ቅጽ ላከላቸው፤ ለሟቿ። ቲግ ጥያቄዎቹን አንድ በአንድ ታነሳለች፣ ረጋ ብላ ትመልሳለች። ድምጿ አይሰበርም፣ አይስቅም።

ድሮ እዚህ ጋ ስቄ አልፍ ነበር። ዘንድሮ እኛም ቤት መጣ። እማዬ ባረፈች በሃያ ቀኗ ስልኳ ጮኸ። የምርመራ ቀጠሮ ነው፤ «ነገ ጠዋት 3 ሰዓት ምግብ ሳይበሉ ይምጡ» ይላል። ጮክ ብዬ አነበብኩት። ታላቅ እህቴ ለአርባዋ ስንዴ እየለቀመች ነበር። ከሰፌዱ ቀና እንኳን ሳትል «ግድ የለም፣ ከበላች ሃያ ቀኗ ነው» አለች።

ሆዳችንን ይዘን ሳቅን። ከዚያ አለቀስን። ከቀብሯ ወዲህ እንደዚያ አልቅሼ አላውቅም።

በሞት አይቀለድም የሚሉ ሰዎች አሉ። እኔም እል ነበር። አሁን ግን የቲግ ፊት ለምን እንደማይፈታ የገባኝ ይመስለኛል። ቀድማ ብትስቅ ሞትን አቃለለችው እንላለን። ብታለቅስ እሷን ለማባበል እንሯሯጣለን። ዝም ያለው ፊቷ ግን ለሁላችንም ቦታ ይሰጣል፤ የሚስቀው ይስቃል፣ የሚያለቅሰው ያለቅሳል። ለቅሶ ቤትስ እንዲሁ አይደል? ከሠልስት በኋላ የሟች ጨዋታ ይነሳል፣ ድንኳኑ በሳቅ ይሞላል፣ ደግሞ አዲስ ለቀስተኛ ሲገባ እዬዬው ይቀጥላል።

መሃል ላይ ቲግ ወደ ተራው ቀልዴ ልመለስ ወይ ብላ ስትጠይቅ አንድ ሰው «አይሆንም!» ብሎ ጮኸ። ያን ሰው እወደዋለሁ። እኔም እዚያ ብሆን እጮህ ነበር።

ቅጂው በዚያው ዓመት በአልበም ወጣ፤ ኋላም ለግራሚ ታጨ። ለእህቴ ዛሬ ልኬላታለሁ።

የእማዬን ስልክ አልዘጋነውም። ማታ ማታ ቻርጅ አደርገዋለሁ።