ጉንዳንም ግዙፍ ናት

እሁድ ጠዋት ሀዋሳ ፍቅር ሐይቅ ዳር ቁጭ ብዬ ሻይ ስጠጣ አጠገቤ ከተቀመጡ ሽማግሌ ጋር ወሬ ጀመርን፣ ልጅ ሆነው ቆሎ ተማሪ ነበሩ። እግራቸው ስር የምትሄድ ጉንዳን አሳዩኝና "ይቺ ግዙፍ ናት አይደለችም?" አሉኝ። ኧረ አባባ ጉንዳን ምኗ ነው ግዙፍ ስላቸው "ታየች፣ ተዳሰሰች፣ ቦታ ያዘች፣ በቃ ግዙፍ ናት። ግዙፍ ያልሆነው መልአክ ነው" አሉ።

እውነት ለመናገር እስከዛሬ ግዙፍ ለኔ ትልቅ ማለት ብቻ ነበር፣ ግዙፍ ድርጅት ግዙፍ ፕሮጀክት እንደምንለው። ቃሉ ግን ከግእዝ "ገዝፈ" ነው የመጣው፣ ወፈረ፣ ደነደነ ማለት ነው፣ ከዛ በቤተክህነት ትምህርት አካል ላለው ለሚዳሰሰው ፍጥረት ሁሉ መጠሪያ ሆነ። ተቃራኒው ረቂቅ ነው፣ እሱም ከስሩ ቀጭን፣ ስስ ማለት ነው፣ ዐረብኛም እስካሁን ስስ ነገርን ረቂቅ ይለዋል። ነፍስ ረቂቅ ናት፣ ሥጋ ግዙፍ ነው። አካል አለው የለውም የሚለውን ያንን ሁሉ ከባድ ጥያቄ የጠየቁት እኮ በወፍራምና በቀጭን ነው! ይሄ በጣም ነው ደስ ያለኝ።

ረቂቅ እስካሁን ስራ ላይ ነው፣ ረቂቅ አዋጅ እንላለን፣ ትምህርት ቤትም ፍቅር ደግነት ምናምን ረቂቅ ስም ነው ተብለን ተምረናል። ጥንዱ ግዙፍ ግን ተለየው፣ በሱ ቦታ "ተጨባጭ" ገባ፣ "ቁሳዊ" ደሞ ተጨመረ። ቁሳዊን እኔ አልወደውም፣ ቁስ ሲባል ድስትና ወንበር ነው የሚመጣብኝ፣ ጉንዳኗ የለችበትም።

የድሮው ትርጉም ሳይነካ የቀረው "ግዘፍ ነሳ" ላይ ነው። ሀሳቡ ግዘፍ ነሳ ሲባል ተለቀ ሳይሆን አካል አገኘ ማለት ነው፣ "ነሳ"ም እዚህ ጋር ከለከለ አይደለም፣ የግእዙ "ነሥአ" ነው፣ ወሰደ፣ ያዘ፣ ሥጋ ነሣ እንደሚባለው።

ሽማግሌው ሊሄዱ ሲነሱ ሐይቁ ላይ የተኛውን ጉም አሳየኋቸውና ይሄስ አባባ አልኳቸው።

"ፊትህን ንካው" አሉኝ።

ነካሁት፣ እርጥብ ነው።