ስድስቱን ዓመቴን ፍለጋ

በ2016 መጨረሻ ጡረታ ስወጣ ኮሌጁ ጋቢ አለበሰኝ። የግድግዳ ሰዓትም ጨመሩልኝ። ከእንግዲህ የሚያስቸኩልህ ምን አለና ሰዓት ብለው ባልደረቦቼ ሳቁብኝ። በዚያው ሳምንት ከሰው ኃይል ክፍል አንድ ቅጽ መጣና ፈረምኩ። አላነበብኩትም። ዕድሜ ልኩን ተማሪዎቹን «መጀመሪያ ጥያቄውን አንብቡ» ሲል የኖረ መምህር!

የጡረታ ውሳኔው ደብዳቤ የደረሰኝ ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም፣ ቤቴ በረንዳ ላይ ቡና እየጠጣሁ ነው። «የአገልግሎት ዘመን፦ 28 ዓመት» ይላል። እኔ ደግሞ 34 ዓመት ነው የሠራሁት። በ1982 ከደብረ ብርሃን ወጣ ብሎ ባለ የገጠር አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ጀመርኩ፤ ኮሌጅ የገባሁት በ1988 ነው። የገጠሩ ስድስት ዓመት የለም።

ስሌቱ ከባድ አይደለም። ለመጀመሪያዎቹ 10 ዓመታት የመጨረሻዎቹ ሦስት ዓመታት አማካይ ደመወዝ 30 በመቶ ይታሰባል። ከዚያ በኋላ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይጨመራል። ጣሪያው 70 በመቶ ነው። የእኔ አማካይ 12,000 ብር ነበር። በ28 ዓመት 52.5 በመቶ፣ ማለትም 6,300 ብር ይመጣል። በ34 ዓመት ግን 60 በመቶ፣ 7,200 ብር። በወር 900 ብር ለጡረተኛ ቀልድ አይደለም። የቤት አበልና የኤክስቴንሽን ክፍያማ ስሌቱ ውስጥ አይገቡም፤ ማታ ማታ ጉሮሮዬ እስኪደርቅ ያስተማርኩበት ሁሉ ጡረታዬ ላይ አንድ ሳንቲም አልጨመረም።

መጀመሪያ ጡረታ ቢሮ የሄድኩት ለመጣላት ነበር። መስኮቱ ላይ ያለችው ልጅ ጨርሼ እስክጮህ ጠበቀችኝና፣ «ጋሼ፣ እኛ የምናሰላው ከመሥሪያ ቤትዎ የተላከውን ነው። ማስረጃ ካለዎት ያምጡ» አለችኝ። አፈርኩ። ልክ ነበረች።

ኮሌጅ ሄጄ የግል ማኅደሬን አስወጣሁ። የመጀመሪያው ወረቀት የዝውውር ደብዳቤዬ ነው። ከእሱ በፊት ምንም የለም። እኔ ስዛወር ፋይሌ አብሮኝ አልተዛወረም፤ ለ28 ዓመት ደግሞ የጠየቀ የለም። እኔም ጭምር።

ስለዚህ ከላምበረት መናኸሪያ ተሳፍሬ 130 ኪሎ ሜትር ሄድኩ። ወረዳው ላይ መዝገብ ቤቱን የያዙት እናት፣ «መምህር፣ የዚያን ዘመን ወረቀት እግዜር ይወቀው» አሉኝ። 1983 ላይ መንግሥት ሲለወጥ ብዙ ነገር ተዘበራርቋል። ግን ቁልፉን አንስተው ወደ መጋዘኑ ገቡ። በሲባጎ የታሰረ የደመወዝ መክፈያ አቧራውን እያራገፉ አወጡ። ጥጉን አይጥ በልቶታል። የ1985 ጥቅምት ላይ ስሜ አለ። ደመወዜ፣ ከጎኑ 4 በመቶ የጡረታ ተቀናሽ፣ መጨረሻ ላይ ፊርማዬ። ያኔ የአያቴን ስም ሁሉ ጨምሬ ነበር የምፈርመው። ዛሬ ከሠራተኛው 7፣ ከመንግሥት 11 በመቶ ነው የሚዋጣው። ያቺ የ4 በመቶ ዓምድ ግን ለእኔ ከወርቅ በላይ ሆነች፤ ከኪሴ ተቆርጧል ማለት ነዋ።

እዚህም ተሳሳትኩ። ደብዳቤ ሲጽፉልኝ «በወረዳችን አስተምረዋል» ብቻ ብለው ጻፉ። ደስ ብሎኝ ይዤው መጣሁ። ጡረታ ቢሮ አልተቀበለውም። ሁለተኛ ጊዜ ስሄድ ምን እንደምፈልግ አውቄ ሄድኩ፦ የተቀጠርኩበት ቀን፣ የለቀቅኩበት ቀን፣ በመሃል አለመቋረጤ፣ ጡረታ መቆረጡ። ከመክፈያው ቅጂ ጋር፣ ለቢሮው የተጻፈ፣ ግልባጭ ለእኔ።

ማመልከቻዬን ሳስገባ የእኔ ቅጂ ላይ ማኅተምና ቁጥር ካልተደረገ አልሄድም አልኩ። «ይቀመጣል፣ አይጥፋብዎት ብለው ነው?» አለኝ አንዱ። አዎ፣ ብዬ ነው። እምቢ ቢሉኝ ወደ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤው ለመሄድ ተዘጋጅቼ ነበር፤ እዚያ አልደረሰም። በሰባተኛው ወር 34 ዓመቴ ተመለሰ። የሰባቱ ወር ልዩነት 6,300 ብር ባንክ ገባልኝ።

የባልደረባዬ ግን አልቀናም። የእሱ ክርክር የልደት ዘመን ነው። መታወቂያው ላይ ያለው ሌላ፣ መጀመሪያ ሲቀጠር የሕይወት ታሪክ ቅጽ ላይ የሞላው ሌላ። የሚያዘው መጀመሪያ ሲቀጠር ያስመዘገበው ነው። በወጣትነቱ ቶሎ ለመቀጠር ዕድሜውን ሁለት ዓመት ከፍ አድርጎ ነበር፤ ያቺ ሁለት ዓመት መጥታ ከሥራ አወጣችው።

ባለፈው ሳምንት አንድ የድሮ ተማሪዬ ደወለልኝ። አሁን እዚያው ኮሌጅ መምህር ነው። ገና 41 ዓመቱ ነው። እኔ ስጨቀጭቀው ማኅደሩን አስወጥቶ አየ፤ የአያቱ ስም በሁለት ደብዳቤ ላይ ሁለት ዓይነት ተጽፏል። ሰኞ ጠዋት ሪከርድ ክፍል አብረን እንገባለን።