የማይወልቅ ቀሚስ

ሰሞኑን ማታ ማታ «ሶላሪስ»ን እንደገና እያነበብኩ ነው። ፖላንዳዊው ስታኒስዋፍ ሌም እ.ኤ.አ. በ1961 ያሳተመው ልብ ወለድ ነው። ያነበበው ሰው ሁሉ የሚያወራው ስለ ውቅያኖሱ ነው። እኔን ግን ሥራ ያስፈታኝ አንድ ነጭ ቀሚስ ነው፤ ልብስ ሰፊ ስለሆንኩ ይሆናል።

አንዷ ቀይ፣ ሌላዋ ሰማያዊ የሆኑ ሁለት ፀሐዮች የሚያበሩላት ሩቅ ፕላኔት አለች። የሸፈናት ውቅያኖስ ሕያው ነው። ከበላዩ በተንሳፈፈው ጣቢያ የሚኖሩት ተመራማሪዎች እንቅልፍ ሲወስዳቸው፣ ከአእምሯቸው ሥር የተቀበረውን፣ ለማንም የማይነግሩትን ነገር መዝዞ ያወጣና ሥጋ አልብሶ ይልክባቸዋል። ክሪስ ኬልቪን ሲነቃ ከፊቱ ያገኛት ሃሬይን ነው፤ ከዐሥር ዓመት በፊት ተጣልተው ጥሏት በሄደ ጊዜ ራሷን ያጠፋችውን ሚስቱን።

ልብስ ልትቀይር ስትል ቀሚሱ አልወልቅ ይላል። ከፊቱ በመደዳ የተተከሉት ቀይ ቁልፎች ለጌጥ ብቻ ናቸው። ዚፕ የለውም፤ መንጠቆ የለውም፤ ክፍት ቦታ የሚባል ነገር የለውም። ኬልቪን በስለት ቀድዶ ያወልቅላታል። እዚህ ላይ ስደርስ መጽሐፉን ጭኔ ላይ አስቀምጬ ብቻዬን ሳቅኩ። መርፌ ይዞ የማያውቅ ሰው በሐሳቡ የሚሰፋው ቀሚስ ልክ እንዲህ ያለ ነው! ከፊት የሚታየውን ያውቀዋል፤ በየት በኩል እንደሚለበስ ግን ልብ ብሎት አያውቅም። ሳቄ ብዙ አልቆየም። የዚያችው ሴት ክንድ ላይ የመርፌ ውጊ ምልክት አለ፤ የሞተችበት መርፌ። ዚፑን የረሳው ሐሳብ ያንን አልረሳውም።

ለነገሩ ሐሳብን ወደ ዕቃ መለወጥ የእኔም እንጀራ ነው። ባለፈው ለእኅቷ ሠርግ የሚሆን የሀበሻ ቀሚስ ልታሰፋ የመጣች ልጅ፣ «እትዬ፣ ከወገቡ ጥብቅ ይበልልኝ፤ ከታች ሰፋ ያለ፤ የጀርባው ጥለት ደግሞ ሳይቋረጥ እስከ ታች ይውረድ» አለችኝ።

«ዚፑን በየት በኩል ላግባው የኔ ልጅ?»

«ዚፕ እንዲታይ አልፈልግም።»

«በጎን ይሁን?»

«በጎንም ባይታይ ደስ ይለኛል።»

የእናቶቻችን ቀሚስ ያለ ዚፕ ይኖር ነበር፤ ሰፊ ስለሆነ በአንገት ይጠለቃል። ወገብ ይጥበቅ ከተባለ ግን የሽመና ጨርቅ እንደ ሹራብ አይሳብም፤ የሆነ ቦታ መከፈት አለበት። በመጨረሻ ከግራ ብብቷ ሥር አስገብቼ ስፌቱን በላዩ ላይ አጠፍኩበት። ስትለብሰው መክፈቻውን ራሷ ለማግኘት ብዙ ፈለገች።

አርጀንቲናዊው ቦርኼስም እ.ኤ.አ. በ1940 ባወጣው አጭር ልብ ወለድ ትሎን የምትባል ዓለም ፈጥሯል። በዚያ የጠፋ ዕቃ በመፈለግ ብቻ ይባዛል። ሁለት ሰዎች አንድ የጠፋ እርሳስ ይፈልጋሉ። የመጀመሪያው አግኝቶ ዝም ይላል። ሁለተኛውም ያገኛል፤ ያገኘው ግን ሌላ እርሳስ ነው፤ ከፊተኛው ባልተናነሰ እውነተኛ፣ እርሱ ከጠበቀው ጋር ደግሞ ይበልጥ የሚስማማ። እንዲህ የሚገኙት ዕቃዎች ከዋናዎቹ ጥቂት ረዘም ይላሉ ይለናል ደራሲው። ሰውየው ልብስ ሰፍቶ ያውቃል እንዴ? ደንበኞቼ በስልካቸው ከሚያሳዩኝ ሥዕል ላይ ያለችው ሴት ሁልጊዜ ልብሱን ከምታሰፋው ከደንበኛዬ ትረዝማለች።

የቦርኼስ እርሳስ ግን ዕቃ ነው፤ ሃሬይ ደግሞ ትናገራለች። ይህ ነው ሌምን የሚያከብድብኝ። ኬልቪን የመጀመሪያዋን በድንጋጤ ሮኬት ውስጥ ቆልፎ ወደ ሕዋ ይልካታል። ሌላዋ ትመጣለች፤ ያንኑ ቀሚስ ለብሳ። ከእርሱ ተለይታ መቆየት አትችልም፤ በር ቢዘጋባት በእጇ ሰብራ ትወጣለች፣ ቁስሏም ወዲያው ይድናል። ደሟን በማጉያ መሣሪያ ሲመረምረው እስከ አንድ ደረጃ ድረስ የሰው ደም ነው፤ ከዚያ ወደ ታች ሲወርድ ምንም አይታይም። ቀስ በቀስ ራሷም ማንነቷን ትደርስበታለች። ፈሳሽ ኦክስጅን ትጠጣለች፤ ብትሞትም መልሳ ትነሣለች። በመጨረሻ ስናውት የሚባለውን ባልደረባውን ለምና ራሷን በመሣሪያ ታስጠፋለች።

ሩሲያዊው የፊልም ሠሪ ታርኮቭስኪ እ.ኤ.አ. በ1972 ከዚሁ ልብ ወለድ ተነሥቶ በሠራው ፊልም ሌም አልተደሰተም ነበር። ለእኔ ፊልሙም መልካም ነው፤ ግን ስለ እርሱ ሌላ ቀን እጽፋለሁ።

አንድ ወዳጄ፣ የሃሬይ መጨረሻም ከኬልቪን ጸጸት የተቀዳ ነው፤ ሲያስታውሳት ራሷን ስታጠፋ ስለሚያስታውሳት እንደገና አጠፋች፣ ብሎ ተከራከረኝ። አልተቀበልኩትም። ጸጸቱ የሚያውቃት ሃሬይ የሞተችው እርሱ ትቷት ስለሄደ ነው። ይህችኛዋ ግን አብሯት ሊኖር ቆርጦ፣ አትሂጂብኝ እያላት ነው የሄደችው። የእንቅልፍ መድኃኒት አጠጥታው፣ ደብዳቤዋን ስናውት ጋ ትታ።