እርስዎ የማይባለው ሰው

አማርኛ ተናጋሪ የማያውቀውን ሰው ከማናገሩ በፊት ሳይወስነው የማያልፈው ጉዳይ አለ፤ ይኸውም ያ ሰው ከእርሱ ይበልጣል፣ ይተካከለዋል ወይስ ያንሰዋል የሚለው ነው። ስሙን ባያውቅ፣ ሥራውን ባይጠይቅ ችግር የለውም፤ «ና» ወይም «ይምጡ» ለማለት ግን ደረጃውን ማወቅ፣ ካላወቀም በልብሱ፣ በዕድሜው፣ በአነጋገሩ መገመት አለበት። ቋንቋ ሐሳብን ይቀርጻል ወይስ አይቀርጽም የሚለው ክርክር ብዙ ጊዜ ስለ ቀለማት ስምና ስለ በረዶ ዓይነት ሲነሳ እሰማለሁ። ለእኛ ግን ያን ያህል ርቆ መሄድ የሚያስፈልግ አይመስለኝም። የቋንቋ ሊቁ ሮማን ያኮብሰን ቋንቋዎችን የሚለያያቸው ለማለት የሚችሉት ነገር ሳይሆን ሳይሉት ማለፍ የማይችሉት ነገር ነው ብሎ ያምን ነበር። በአማርኛ ሳይሉት ማለፍ ከማይቻለው ነገር አንዱ የሰው ማዕረግ ነው።

ውሳኔው ምን ያህል እንደሚከብድ ለማየት ተናጋሪዎች እንዴት እንደሚሸሹት መመልከት ይበቃል። የምግብ ቤት አስተናጋጅ ጠረጴዛው አጠገብ ቆሞ «ምን ልታዘዝ?» ይላል፤ የግሡ ባለቤት ራሱ ስለሆነ እንግዳውን አንተም እርስዎም ሳይል ነገሩን ይጨርሳል። ስልክ አንስተን የማናውቀው ድምፅ ስንሰማ «ማን ልበል?» እንላለን። ታክሲ ውስጥ ሾፌሩን «አቁም» ማለት ድፍረት፣ «ያቁሙ» ማለት ደግሞ ለአንድ ፌርማታ የተጋነነ ይመስለናልና «ወራጅ አለ» ብለን ወሬ ነጋሪ እንሆናለን። ረዳቱም «ጠጋ ጠጋ በሉ» ሲል ብዙ ቁጥሩ ያድነዋል፤ ከኋላ ወንበር ላይ የተቀመጡትን አዛውንትና አጠገባቸው ያለውን ተማሪ በአንድ ግስ ያዛል። እነዚህን ዘዴዎች ማንም አላስተማረንም፤ ከቋንቋው ጋር አብረን ያደግንባቸው ናቸው፤ ሁሉም የሚያገለግሉት ግን ሰውን ከመመዘን ለጊዜው ለማምለጥ ነው።

«አንተ» በራሱ ስድብ አይደለም። ግእዝ ለአንድ ሰው የሚሆን የተለየ የአክብሮት መደብ የለውም፤ አንተና አንቲ ይበቁታል፤ «አንቱ»ም የመጣው ከብዙ ቁጥሩ ከ«አንትሙ» እንደሆነ ይታመናል። እግዚአብሔርን ዛሬም «አንተ» እንላለን፤ እመቤታችንን «አንቺ» እንላለን፤ ጸሎቱም ሆነ ልመናው በነጠላ ነው። በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ ትንቢተ ዳንኤል ውስጥ ንጉሡን «ሺህ ዓመት ንገሥ» ይሉታል እንጂ «ይንገሡ» አይሉትም። ፎካሪና አዝማሪ ጀግናውን በአንተ ያነሣዋል፤ ቴዎድሮስን በታሪክ መጽሐፍ «ነገሡ» የምንል ሰዎች ስለ መቅደላ ስናወጋ «ራሱን አጠፋ» እንላለን፤ ይህን የምንለው ደግሞ ስለናቅነው ሳይሆን የራሳችን ስላደረግነው ነው። ፍቅርም መንገዱ ይኸው ነው፤ ሁለት ሰዎች ከእርስዎ ወደ አንተና አንቺ የተሻገሩበትን ቀን ያስታውሳሉ። ሴት ልጃቸውን «አንተ» እያሉ የሚያቆላምጡ እናቶችም አሉ።

ስለዚህ ሥልጣኑ ያለው በቃሉ ውስጥ ሳይሆን መልስ በማግኘቱና ባለማግኘቱ ላይ ነው። ሮጀር ብራውንና አልበርት ጊልማን የተባሉ ምሁራን እ.ኤ.አ. በ1960 ስለ አውሮፓ ቋንቋዎች ባሳተሙት ጥናት ይህን በግልጽ አስቀምጠውታል፦ ሁለት ሰዎች እርስ በርስ አንተ ቢባባሉ መቀራረብ ነው፤ እርስ በርስ እርስዎ ቢባባሉ ርቀትና ክብር ነው፤ አንዱ አንተ እያለ ሌላው እርስዎ እያለ ሲመልስ ግን መካከላቸው ያለው ኃይል ነው። ከዚህም ሌላ ከእርስዎ ወደ አንተ እንሻገር ብሎ የመጋበዙ መብት ሁልጊዜ የበላይ ነው ይላሉ። ይህን በእኛ ቋንቋ ማንም ያውቀዋል። «አንቱ አትበለኝ፣ አታስረጀኝ» የሚለው አለቃው ነው። የጽዳት ሠራተኛዋ ሥራ አስኪያጁን «ከዛሬ ጀምሮ አንተ ልበልህ» ብትለው ነገሩ ቀልድ ይሆናል፣ ካልሆነም የዲሲፕሊን ጉዳይ ይሆናል።

ይህ ያልተመለሰ አንተ ከሁሉ ይበልጥ የሚታየው ቤታችን ውስጥ ነው። በብዙ የከተማ ቤት የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ የጎረቤቷን ሴት «እትዬ» ብሎ በእርስዎ ሲያናግር፣ በዕድሜ ከእርሷ የምትበልጠውን የቤት ሠራተኛ በስሟ ጠርቶ «ውኃ አምጪልኝ» ይላል። ልጁ ባለጌ አይደለም፤ እንዲያውም ጨዋ ነው ይባላል። ታላቅ ይከበራል ብለን ያስተማርነው ትምህርት ማንን እንደማይጨምር ግን ሳንነግረው ከግሦቻችን ተምሮታል። እርሷ በበኩሏ የልጁን አባት «ጋሼ»፣ እናቱን «እትዬ» ትላለች፤ አንዳንዴም ልጁን ራሱን «እሱ» ለማለት ስትፈራ እሰማለሁ። ዕድሜ ይከበራል የሚለው የባህላችን ትልቁ ኩራት ደመወዝ በሚከፈልበት ደጃፍ ላይ ይቆማል።

በቀደም ለአንድ ጉዳይ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሄጄ ወረፋ ይዣለሁ። ከፊቴ የነበሩት ሰውዬ ጋቢ የደረቡ፣ ፌስታል ውስጥ የከተቱትን ወረቀት በሁለት እጃቸው የያዙ ሽማግሌ ናቸው። መስኮቱ ውስጥ ያለችው ልጅ ወረቀቱን አገላብጣ «ይሄ ማኅተም የለውም፤ ሂድና አስመታ» አለቻቸው። ድምፅዋ ቁጣ አልነበረበትም፤ ስድቡም ያ ነበር፤ የለመደችው ነገር ነው። ሽማግሌው «እሺ እመቤቴ፣ የት ነው የሚመቱልኝ?» አሉ። ቀጥሎ እኔ ነበርኩ፤ ኮት ለብሻለሁ፤ ዕድሜዬ ከሽማግሌው ግማሽ ቢሆን ነው፤ «ምን ልርዳዎት?» ተባልኩ። ልጅቷን በዚህ ብቻ መውቀስ ቀላል ነው፤ ሆኖም በዚያች ቅጽበት የሠራችው ማናችንም የምንሠራውን ነው፤ ልብስና ጫማ አይታ ገመተችና ግሡን በግምቷ አሠረችው። ሽማግሌው ግን የማኅተሙን ቦታ ሁለተኛ ለመጠየቅ አልደፈሩም። ሰው «ሂድ» ከተባለ በኋላ መጠየቅ ይከብደዋል፤ ቋንቋ በሥልጣን ላይ የሚሠራው ሥራ ምን እንደሆነ ከዚህ በላይ የሚያሳይ ነገር እምብዛም አላየሁም። መብቱ በአዋጅ ተጽፎለት ሳለ መብቱን የሚጠይቅበት አፍ ቀድሞ ይዘጋል።

የዜና አማርኛ ደግሞ ሌላ ሚዛን አለው። ደራርቱ ቱሉ በ1984 ዓ.ም. ባርሴሎና ላይ በ10 ሺህ ሜትር ወርቅ ስታጠልቅ ለአፍሪካ ጥቁር ሴቶች የመጀመሪያው የኦሊምፒክ ወርቅ ነበር፤ ዜናውም «አሸነፈች» ነው የሚለው። ከብዙ ዓመት በኋላ የአትሌቲክስ ፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ስትሆን ግን «ኮሎኔል ደራርቱ ገለጹ» የሚሉ ዜናዎች ይሰሙ ጀመር። (እኔም «ስትሆን» ማለቴን አንባቢ ልብ ይሏል፤ ደራርቱን በእርሳቸው መጥራት ለብዙዎቻችን እኅትን እንደመራቅ ነው።) ነገሩን ገልብጠን ብናየው ይገርማል። ዓለም ፊት ባንዲራ ያሰቀለው ሩጫ አክብሮቱን አላስገኘም፤ ወንበሩ አስገኘው። በዜና ቋንቋችን የሚሮጥ፣ የሚዘፍን፣ የሚያርስና የሚነግድ ሰው በነጠላ ይነገርለታል፤ «አሉ»፣ «አሳሰቡ»፣ «አስገነዘቡ» የሚባለው ለሚመራ ነው።

ይህ ልማድ በፖሊስ ዜና ላይ ሲደርስ ከጨዋነት ጉዳይነት አልፎ የፍትሕ ጉዳይ ይሆናል። በሥራ ላይ ያለው የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 20 ንዑስ አንቀጽ 3 ተከሳሽ በፍርድ ሂደት ላይ ሳለ እንደ ንጹሕ የመቆጠር መብት እንዳለው ይደነግጋል። የዜናው ግስ ግን ሕጉን አይጠብቅም። የሰፈር ወጣት በስርቆት ሲጠረጠር «በቁጥጥር ሥር ዋለ» ይባላል፤ ከፍተኛ ባለሥልጣን ብዙ ሚሊዮን ብር አጉድለዋል ተብለው ሲጠረጠሩ ብዙ ጊዜ «በቁጥጥር ሥር ዋሉ» ይባላል። ሁለቱም ያልተፈረደባቸው ናቸው፤ አንደኛው ግን ቅጣቱን ከግሡ ጀምሯል። በተከታተልኳቸው ጥቂት ችሎቶችም ፍርድ ቤቱ «የተከበረው» ሲባል፣ ጠበቃው በእርስዎ ሲናገር፣ በተከሳሽ ሣጥን ውስጥ የቆመው ሰው ብቻውን «አንተ፣ ተነሥ» ሲባል ሰምቻለሁ። ዳኛው ክፉ አስቦ አይመስለኝም። ነገር ግን አንተ የተባለ ሰው በምን አንደበት «አልፈጸምኩም» ይላል?

መፍትሔው ሁሉንም ወደ አንተ ማውረድ ነው ያሉ ነበሩ። ፈረንሳዮች በአብዮታቸው ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1793፣ የአክብሮቱን «ቩ» ትተው ዜጋ ሁሉ «ቱ» እንዲባባል ገፉ፤ አብዮቱ ሲበርድ «ቩ» ተመልሶ መጣ። ስዊድኖች ተሳክቶላቸዋል፤ በፊት የማዕረግ ስም እየደጋገሙ በሦስተኛ መደብ ይነጋገሩ የነበሩት፣ የሀገሪቱን የጤና ቦርድ የሚመራው ብሮር ሬክሴድ እ.ኤ.አ. በ1967 ሠራተኞቹን ሁሉ «ዱ» እንደሚል፣ እነርሱም እንዲሁ እንዲሉት ካስታወቀ በኋላ ልማዱ በጥቂት ዓመታት ውስጥ አገሩን አዳረሰ። ልብ ማለት የሚገባው ጉዳይ ግን በራሱ ላይ ጀምሮ መልሱን መጋበዙ ነው።

በእኛ አገር የተሞከረው ሌላ ነው። በ1967 ዓ.ም. ዘውዱ ሲሻር ራስና ደጃዝማች፣ ፊታውራሪና ቀኛዝማች የሚሉት ማዕረጎች አብረው ወደቁ፤ በምትካቸው ሁሉንም እኩል ያደርጋል የተባለው «ጓድ» መጣ። ሰዋስውን ግን አብዮቱ አልነካውም። ሬዲዮው «ጓድ ሊቀመንበር መንግሥቱ ኃይለ ማርያም መመሪያ ሰጡ» ይል ነበር፤ ስሙ ጓድ፣ ግሡ ጌታ። ገበሬው ማኅበር ውስጥ ያለውም ጓድ ነው፣ ሊቀመንበሩም ጓድ ናቸው፤ በ«ነው» እና በ«ናቸው» መካከል ግን አሮጌው ሥርዓት እንዳለ ተቀምጧል። ዛሬ «ጓድ» ሄዶ «ክቡር» ተመልሷል፤ «ዶክተር» እና «ኢንጂነር» ደግሞ የቀኛዝማችን ቦታ ይዘዋል ቢባል ማጋነን አይሆንም።

እኔ ማውረዱን አልደግፍም። አንተ ብቻ ያለው አማርኛ በውጭ አገር በሚያድጉ ልጆቻችን አፍ እየተፈጠረ ነው፤ ዋሽንግተን አካባቢ የሚያድግ ልጅ ወላጆቹ እርሱን የሚያናግሩበትን አማርኛ ብቻ ስለሚሰማ አያቱን «አንቺ ብዪ» ይላል፤ ሴትዮዋም ይስቃሉ፣ ቅርም ይላቸዋል። እስራኤል ውስጥም የዕለት ተዕለቱ ዕብራይስጥ እንዲህ ያለ የአክብሮት መደብ ስለሌለው ከጎንደር የሄዱ ሽማግሌዎች ከልጅ ልጆቻቸው የሚሰሙት ተመሳሳይ ነው። በፍቅር የተሞላ ቤት ውስጥ ይህ ጉዳት የለውም። አገር ቤት ባለው መሥሪያ ቤት ግን አንተን ለሁሉም ብንፈቅድ ማን ለማን እንደሚለውና ማን እንደማይደፍር ከወዲሁ እናውቃለን።

ስለዚህ መደረግ ያለበት የተገላቢጦሹ ይመስለኛል፤ እርስዎን ወደ ታች ማዳረስ። ቤት ውስጥ፣ ጓደኛ መካከል፣ ጸሎት ላይ ማንም እንደ ልቡ ይበል። በመንግሥት መስኮት፣ በፖሊስ ጣቢያ፣ በችሎት፣ በሐኪም ክፍልና በዜና ላይ ግን ለአካለ መጠን የደረሰ ሰው ሁሉ እርስዎ ይባል፤ ባለጋቢውም፣ ተከሳሹም፣ የጽዳት ሠራተኛዋም። ይህ የማይቻል እንዳልሆነ የስልክ መሥመር ቀድሞ አሳይቶናል። የተቀዳው ድምፅ እረኛውንና ሚኒስትሩን ሳይለይ ቁጥር «ይጫኑ» ይላል፤ በአገሪቱ ውስጥ በእኩልነት አማርኛ የሚናገረው እርሱ ብቻ ሊሆን ይችላል፤ ምክንያቱም የማንንም ጫማ አያይም።

እርስዎ ማለት ርቀት ይፈጥራል የሚሉኝ ወዳጆች አሉ። ይፈጥራል፤ ከሐኪምና ከመርማሪ ጋር ደግሞ ያ ርቀት ሰውን የሚጠብቅ አጥር ነው። ይበልጥ የሚያስቸግረኝ የአሥራ ስድስትና የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ጉዳይ ነው፤ ፖሊስ ፊት የቀረበን ጎረምሳ «እርስዎ» ማለት ለጆሮ ፌዝ ይመስላል፤ «አንተ» ማለት ደግሞ ያው የድሮው ነው። እዚያ ላይ ምናልባት የአስተናጋጁና የተሳፋሪው ብልሃት ይሻል ይሆናል፤ «ስም ማን ልበል?» ብሎ መጀመር።