እሱ ቆንጆ ናት

ከሌሊቱ 9 ሰዓት ላይ ስልኬ ጮኸ። ታናሽ ወንድሜ ነው።

"ብሌክ ተወለደ! እሱ በጣም ቆንጆ ናት!" አለና ዘጋው።

ወንድሜ ከአክስታችን ጋር ወደ ቨርጂኒያ ሲመጣ ገና የ6 ዓመት ልጅ ነበር። አማርኛ ይናገራል። "እሱ" እና "እሷ" ላይ ግን ምንም አድልዎ አያውቅም። እናታችንን ራሷን "እማዬ፣ ደህና ነህ?" ነው የሚላት። ሚስቱ አሜሪካዊት ናት። ሁለቱ ተማክረው ወንድ ይሁን ሴት ሐኪም እንዳይነግራቸው ከለከሉ። ስሙ ግን ቀድሞ ተመርጧል፤ አጭር፣ ለሁለቱም የሚሆን፣ አስተማሪ ምላስ ላይ የማይሰበር። የወንድሜ ስም በ"ጸ" ይጀምራል። ቡና በገዛ ቁጥር ኩባያው ላይ ምን እንደሚጽፉለት ብታዩ አትፈርዱበትም።

አሥር ደቂቃ ሳይሞላ እማዬ ደወለች። አዲስ አበባ ረፍዶ 4 ሰዓት ሆኗል። ከኋላዋ የጎረቤቶች ድምፅ ይሰማኛል።

"ወንድምህ የሚለው አልገባኝም። ምንድን ነው የተወለደው?"

"ብሌክ።"

"ስሙን ማን ጠየቀህ? ስንት እልልታ ነው የምንለው?"

እኛ ሰፈር ለወንድ 7፣ ለሴት 3 ነው። ሴቶቹ በር ላይ ቆመው ቁጥር ይጠብቃሉ። ወንድሜ ጋ ብደውል ስልኩ ዝግ ነው። ያለኝ አማራጭ ጎግል ብቻ ሆነ።

መጀመሪያ ብሌክ ላይቭሊ መጣች፤ ተዋናይት፣ ፀጉሯ ወርቅ። ከሥሯ ብሌክ ሼልተን፤ ዘፋኝ፣ ጢሙን ያሳደገ ረጅም ሰውዬ። ዝቅ ስል ደግሞ ዊልያም ብሌክ፣ በ1757 የተወለደው እንግሊዛዊ ባለቅኔ። እሱ ጋ ስሙ የቤተሰብ ስም ሆኖ ቁጭ ብሏል። የብሌክ መነሻውም እንዲህ ነው፤ እንግሊዞች ጋ የቤተሰብ ስም የነበረው ኋላ የልጅ ስም ሆነ፣ ቀጥሎም የወንድም የሴትም።

"ትርጉሙስ?" አለች እማዬ።

"ጥቁር ማለት ነው።" ትንሽ ወረድ ብዬ አነበብኩ። "ወይም... ነጭ። የገረጣ።"

የጥንት እንግሊዝኛ ሁለት ተቀራራቢ ቃላት ነበሩት አሉ። አንዱ ጥቁር ነው፣ ሌላው የነጣ። ፀጉሩ የጠቆረውንም ፊቱ የገረጣውንም ብሌክ ሲሉት ስሙ ከየትኛው እንደመጣ መለየት አቃተ። ቅኔ ቤት ያደረ ስም ነው። ይህን እንዴት አድርጌ ላስረዳት እያልኩ ስጨነቅ፣

"አባት ጥቁር፣ እናት ነጭ። ታዲያ ምኑ ነው የከበደህ?" አለችኝ።

ዝም አልኩ። ምን ይባላል?

"ግን አጠረ። ቀሪው የታል?"

"ያው ነው እማዬ፣ አለቀ።"

"ኧረ! ልጁ ሳይሰማ ያልቃል እኮ። ይሁን፣ እኔ ብሌክዬ እለዋለሁ። ወይስ እላታለሁ? ወንድ ነው ሴት?"

ለነገሩ እኛም እንዲህ ያለ ስም አናጣም። ልጅ ሳለሁ ሰፈራችን ውስጥ ሁለት ደስታዎች ነበሩ። አንደኛው ሹፌር፣ ሌላዋ ጠላ ጠማቂ። ግን "ደስታ መጣ" ሲባል እና "ደስታ መጣች" ሲባል ማን እንደመጣ ሕፃን ያውቃል። አማርኛ ስሙ የደበቀውን በግሱ ያጋልጣል። ግሱ በወንድሜ አፍ ካልወጣ ማለቴ ነው።

ስልኬ ላይ ተዋናይቷ ፈገግ ብላ ታየኛለች።

"ሴት ናት" አልኩ።

3 እልልታ ቀለጠ። እማዬ ወዲያው ሂሳብ ጀመረች። "የሴት ክርስትና በሰማንያ ቀን ነው። ጎሽ፣ በርበሬው ይደርሳል። በሰው እልካለሁ።"

ጠዋት ሆስፒታል ሄድኩ። ሚስቱን "እንኳን ማርያም ማረችሽ" አልኳት፤ በእንግሊዝኛ አመሰገነችኝ። ብሌክ ተጠቅልሎ ተኝቷል። ወይም ተጠቅልላ። ብርድ ልብሱን አየሁ። ነጭ ነው፤ ሮዝም ሰማያዊም መስመር አለው። ይሄ አገር ተማክሮብኛል።

አሁን "ወንድ ነው ሴት?" ብሎ መጠየቅ አሳፈረኝ። አጎት ነኝ እኮ! የማርያም መንገድ ስፈልግ አንቱታ ትዝ አለኝ። ጎንበስ ብዬ፣

"እንዴት አደሩ? ጠቡ? እንቅልፍስ ተኙ?" አልኩ።

ወንድሜ ፊቱ ተለዋወጠ። "ስንት ናቸው? እኛ አንድ ነው የወለድነው!"

ይሄኔ ብሌክ አለቀሰ/አለቀሰች። ወንድሜ ዳይፐር ሊቀይር ፈታው። እኔ ለማየት ጠጋ አልኩ። በጣም ጠጋ አልኩ መሰለኝ፤ መልሱ ሙቅ ሆኖ ቀጥ ብሎ ሸሚዜ ላይ አረፈ። ከኪሴ እስከ አንገትጌዬ።

በረጠበ ሸሚዝ እማዬ ጋ በቪዲዮ ደወልኩ።

"እማዬ፣ 4 ይቀራል።"

"የምን 4?"

"እልልታ።"

ትንሽ ዝም አለች። ከዚያ፣ "አርባ ቀን?! በርበሬው ገና ፀሐይ ላይ ነው እኮ!" ብላ ጮኸች። ቢሆንም ጎረቤቶቿን ጠራች። ወንድሜ ስልኩን ወደ ብሌክ አስጠጋ። ቀሪዋ 4 ስትቀልጥ ነርሷ ምን ተፈጠረ ብላ ሮጣ ገባች።

ወንድሜ ዓይኑ እንባ አቅርሯል።

"እማዬ፣" አለ፣ "በጣም አመሰግንሃለሁ።"