የሳን ዴኒው ሱዤር እና የገዳሙ መዝገቦች

ሱዤር በ1081 ገደማ (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ስም ካልነበረው ቤተሰብ ተወልዶ፣ ዐሥር ዓመት ገደማ ሲሆነው ወላጆቹ ከፓሪስ በስተሰሜን ለሚገኘው ለሳን ዴኒ ገዳም የሰጡት ልጅ ነበር። በኋላ የዚያው ገዳም አበ ምኔት፣ የሁለት ነገሥታት አማካሪ፣ በመጨረሻም የፈረንሳይ መንግሥት እንደራሴ ለመሆን በቃ። ስለ እሱ የሚጻፈው አብዛኛው ነገር በባለ ቀለም መስኮቶቹና ባስጀመረው አዲስ የሕንፃ ስልት ላይ ያተኩራል። እኔ ግን አስቀድሞ ሊነገርለት የሚገባው በወጣትነቱ የገዳሙን የርስት ሰነዶች ማገላበጡ ነው ብዬ አምናለሁ። ራሱ እንደጻፈው፣ ገዳሙ በቸልተኝነትና በጉልበተኞች ቅሚያ ምን ያህል መሬት እንዳጣ የተረዳው ከእነዚያ ብራናዎች ነው።

የገዳም አለቃ በቤተ መንግሥት ባለሟል መሆኑ ለእኛ እንግዳ ነገር አይደለም። የሐይቅ እስጢፋኖስ አበ ምኔት ዐቃቤ ሰዓት ተብሎ በነገሥታቱ አጠገብ ምን ያህል ሥልጣን እንደነበረው ከታሪካችን እናውቃለን። ሱዤርን ለእኔ የተለየ የሚያደርገው ወደ ቤተ መንግሥት የደረሰበት መንገድ ነው። በመጀመሪያ በኖርማንዲ በምትገኘው በቤርንቫል፣ ቀጥሎም በቦስ ሜዳ ባለችው በቱሪ የገዳሙን ርስት እንዲያስተዳድር ተላከ። ቱሪን የለ ፕዊዜው ጌታ ኡግ እየዘረፈ ገበሬውን አስመርሮ ስለነበር፣ ሱዤር ስፍራውን በምሽግ አጠናክሮ ከንጉሡ ከስድስተኛው ሉዊ ጦር ጋር ተሰልፏል።

በ1122 አበ ምኔት ሆኖ ሲመረጥ እሱ ከጳጳሱ ዘንድ በመመለስ ላይ ነበር። ንጉሡም ምርጫው ያለ ፈቃዱ በመካሄዱ ተቆጥቶ የምርጫውን ዜና ያመጡለትን መልእክተኞች አሰራቸው፤ ቁጣው ግን ብዙ አልቆየም። ሱዤር በ1125 የሳን ዴኒን ከተማ ነዋሪዎች፣ ሲሞቱ ጌታቸው ውርሳቸውን ይወስድበት ከነበረው ግዴታ ነጻ አወጣ። የክሌርቮ ገዳም አበ ምኔት የነበረው በርናር ሳን ዴኒን የዓለማውያን አደባባይ ሆኗል ብሎ አጥብቆ ነቅፎት ነበር፤ ሱዤር በ1127 ሥርዓቱን ሲያስተካክል ግን በርናር ራሱ የደስታ ደብዳቤ ጻፈለት።

እዚህ ጅማ በአጥቢያችን ሰበካ ጉባኤ በሒሳብ ክፍል ስለማገለግል፣ ሱዤር የገዳሙን ቤተ ክርስቲያን ሲያድስ የሕንፃውን ወጪ የመዘገበበትን ክፍል ደጋግሜ አንብቤዋለሁ። ምሥራቃዊውን ክፍል ለመሥራት በየዓመቱ 200 ሊቭር (የዘመኑ የፈረንሳይ ገንዘብ) መድቦ ነበር። ከዚህ ውስጥ 150ው በበዓላት ከሚገባው መባ የሚወሰድ ሲሆን፣ 50ው ደግሞ ቪሌን ከምትባል፣ ቀድሞ ጠፍ ከነበረችና እሱ ካስለማት ርስት ይመጣል። የግንባታ ገንዘብ በጉጉት ብቻ እንደማይሰበሰብ፣ ምንጩ ታውቆና ተለይቶ መቀመጥ እንዳለበት ይህን ያህል ጥርት አድርጎ ያስቀመጠ የዚያ ዘመን ሰው ብዙ አላገኘሁም።

የጣሪያው ግንዶች ታሪክም አለ። ለጣሪያው ዋና አግዳሚ የሚሆኑ ረጃጅም ግንዶች ሲፈለጉ፣ አናጢዎቹ በአካባቢው የሉም፣ ከሩቁ ከኦሴር ካልመጡ አይገኙም አሉት። አንድ ሌሊት ከጸሎት በኋላ ይህን ሲያስብ ተኝቶ ማለዳ ተነሣና የግንዶቹን ልክ ይዞ ወደ ኢቭሊን ደን ሄደ። የደኑ ጠባቂዎች ሳቁበት፤ ሆኖም ዘጠኝ ሰዓት ሳይሞላ (እነሱም ሰዓትን እንደ እኛ ከንጋት ጀምረው ይቆጥሩ ነበር) የሚያስፈልጉት 12 ግንዶች ተገኙ። እሱ ተአምር ነው ብሎ ጽፎታል። ባለ ሦስት እግር በርጩማ በሚጠረብባት በጅማ የእንጨት ሥራ የሚያውቁ ሰዎች ግን፣ ልኩን በእጁ ይዞ በእግሩ ደን መግባቱን ከተአምሩ እኩል ያከብሩለታል ብዬ አስባለሁ። ምዕራባዊው ክፍል በ1140፣ ምሥራቃዊው ደግሞ ሰኔ 11 ቀን 1144 ተባረከ።

ያው የሰነድ ዕውቀት ግን በ1129 ለማልቀበለው ሥራ ውሏል። ሱዤር የአርዣንቴይ የሴቶች ገዳም ጥንት የሳን ዴኒ ነበር የሚል ሰነድ አቅርቦ፣ በመነኮሳይያቱ ምግባር ላይም ክስ አክሎ፣ ሁሉንም አስወጣቸው። ከተባረሩት አንዷ የገዳሙ ኃላፊ የነበረችው ሊቋ ኤሎኢዝ ናት፤ መጠጊያ የሰጣት የቀድሞ ባሏ አቤላር ነው። የታሪክ ሊቃውንት ሰነዱን በብርቱ ይጠራጠሩታል። ሰነዱ እውነተኛ ቢሆን እንኳ ሴቶቹን ከቤታቸው ማስወጣቱ በደል ነበር፤ ለሱዤር ያለኝ አክብሮት ይህን እንድሸፍን አያደርገኝም።

በ1147 ሰባተኛው ሉዊ ለሁለተኛው የመስቀል ጦርነት ሲዘምት፣ ዘመቻውን ያልደገፈው ሱዤር አገር ጠባቂ ሆኖ ቀረ። ግብር ሰበሰበ፤ ለዘማቹ ንጉሥ ገንዘብ ላከ፤ ከዘመቻው ቀድሞ ተመልሶ ዙፋኑን የተመኘውን የንጉሡን ወንድም ሮቤርንም ሴራው ሳይሰምር አስቆመው። ንጉሡ በ1149 ሲመለስ መንግሥቱን በሰላም ተረከበ።

በዚያው ጊዜ ንጉሡ ከንግሥት ኤልዮኖር ጋር ተጣልቶ ነበር። ሱዤር በ1137 ሉዊን ለሠርጉ ቦርዶ ድረስ አጅቦ የሄደ ሰው ነውና፣ ቢያንስ አገሩ እስኪገባ ቁጣውን እንዲታገሥ በደብዳቤ መከረው፤ ንጉሡም ታገሠ። ሱዤር ጥር 13 ቀን 1151 ዐረፈ። ጋብቻው በመጋቢት 1152 ፈረሰ፤ ኤልዮኖርም ሁለት ወር ቆይታ፣ በኋላ በ1154 የእንግሊዝ ንጉሥ የሆነውን ሄንሪን አገባች፤ ሰፊው የአኪቴን ግዛትም ከእሷ ጋር ሄደ።