ሌንስ እያቀበልኩ የተማርኩት ትወና

በርሊን ውስጥ ተዋናይ ከመሆኔ በፊት ሁለተኛ የካሜራ ረዳት ነበርኩ። ክላፐር (ቀረጻ ሲጀመር የሚጋጨውን የትዕይንት ቁጥር ሰሌዳ) እመታለሁ፣ ሌንስ አቀብላለሁ፣ ባትሪ እቀይራለሁ፣ ተዋናዩ የሚቆምበትን ቦታ ወለሉ ላይ በቴፕ ምልክት አደርጋለሁ። ማታ ማታ የትወና ኮርስ እወስድ ነበር። እውነቱን ለመናገር ከኮርሱ ይልቅ ያስተማረኝ ቴፑ ነው።

ፊት በቅርብ ሲቀረጽ 85 ሚሊ ሜትር ሌንስ ተገጠመ እንበል። አፐርቸሩ (ብርሃን የሚያስገባው የሌንሱ ቀዳዳ) 2.8 ላይ ነው፤ ተዋናዩ ደግሞ ሁለት ሜትር ርቆ ቆሟል። ጥርት ብሎ የሚታየው ጥልቀት 8 ሴንቲ ሜትር ገደማ ብቻ ነው! ስሜት ይዞት ትንሽ ዘንበል ካለ ዓይኑ ይደበዝዛል። ፎከስ የሚይዘው፣ ማለትም ምስሉ ጥርት እንዲል የሚያደርገው ሰው፣ የሌንሱን ቀለበት የሚያዞረው በልምምድ ባየው እንቅስቃሴ ልክ ነው።

አንዲት አንጋፋ ተዋናይት እንባዋ እየወረደ ምልክቷ ላይ ልክ ስትቆም አይቻለሁ። ወለሉን አንዴም አላየችም። ምስጢሩ ቀላል ነበር። ከልምምዱ በፊት ምልክቱ ላይ ትቆምና እርምጃዋን እየቆጠረች ወደ ኋላ እስከ መነሻዋ ትሄዳለች። ቀረጻ ሲጀመር እግሯ መንገዱን ያውቀዋል። ዛሬም እንደሷ ነው የማደርገው።

ሾው ሪሌን፣ ማለትም ትወናዬን የሚያሳየውን አጭር ቪዲዮ፣ የቀረጹልኝ አብረውኝ የሠሩ የካሜራ ልጆች ናቸው፤ በእረፍት ቀናቸው፣ በምሳ ግብዣ ብቻ። ከዚያ ትንንሽ ሚናዎች መጡ። ጀርመን ውስጥ የፖሊስ ድራማ አያልቅም። ከ1970 ጀምሮ እሁድ ማታ የሚታየው «ታትኦርት» ብቻ እንኳ በየከተማው የየራሱ መርማሪዎች አሉት፤ ምስክርና ጎረቤት ሁሌ ይፈለጋል። ለኔ የሚመጣልኝ ግን ባብዛኛው ስደተኛ ወይም ታክሲ ነጂ ነበር። አልወደውም፤ ግን ሠርቻለሁ።

ካሜራውን ጨርሼ ያልተውኩት በገንዘብ ምክንያት ነው። ተዋናይ የሚቀጠረው በቀረጻ ቀን ነው። የሥራ አጥ ክፍያ ለማግኘት ደግሞ፣ በመደበኛው ደንብ፣ በ30 ወር ውስጥ 12 ወር መድን እየከፈሉ መሥራት ያስፈልጋል። በሁለት ቀን ሚና ይህ የት ይሞላል? የካሜራ ረዳት ኮንትራት ግን ለሳምንታት ይዘልቃል። «ሁለቱን አትቀላቅል፣ አንዱን ምረጥ» የሚሉኝ አሉ። የቤት ኪራዬን እስኪከፍሉልኝ አልሰማቸውም።

በመጪው ወር በረዳትነት እሠራለሁ። ከዚያ አንድ ሚና ይዣለሁ፤ የትምህርት ቤት ርዕሰ መምህር። ታክሲ የለውም።